ስለ ተቀባይ ክብር

ዜማ በተነሣበት ቦታ ሁሉ አውጪ አለ፤ ተቀባይም አለ። በሰርግ ዘፈንም ሆነ፣ በእኛ በከሚሴና በአካባቢዋ ሌሊቱን ሙሉ በሚሰማው መንዙማም ሆነ፣ አንዱ ድምፁን ከፍ አድርጎ ግጥሙን ያወጣል፤ የቀሩት እያጨበጨቡ ይቀበሉታል። በማግሥቱ ሰው ተሰብስቦ ሲጨዋወት የሚጠራው የአውጪው ስም ነው፤ የተቀበሉትን ማንም አያነሣቸውም። ይሁን እንጂ ተቀባዮቹ ለጥቂት ጊዜ ዝም ቢሉ፣ የአውጪው ድምፅ ምንም ያህል ያማረ ቢሆን፣ በባዶ ሜዳ ላይ ብቻውን እንደሚጣራ ሰው ሆኖ ይቀራል።

ይህ የዜማ ሕግ ብቻ አይደለም፤ የዓለም ሥራ ሁሉ በዚሁ መንገድ ይሄዳል። ግንበኛው ድንጋዩን በድንጋይ ላይ የሚያስተካክለው ጭቃ የሚያቀብለው ሰው ስላለ ነው። ሐኪሙ በሽተኛውን የሚያድነው ሌሊቱን ቁጭ ብላ የምታስታምም ሴት ስላለች ነው። ዳሩ ግን የሰው ዓይን ወደ ፊተኛው ብቻ ማየትን ስለ ለመደ፣ ሁለተኛው ሰው ድካሙን እንጂ ስሙን አያገኝም። ወጣቶችም ይህን እያዩ ስለሚያድጉ «ፊተኛ ካልሆንኩ ምንም አይደለሁም» የሚል ሐሳብ በልባቸው ይተከላል። በትምህርት ቤት ቴአትር ሲዘጋጅ ንጉሡን ወይም ሙሽራዪቱን ለመጫወት ብዙው ይሽቀዳደማል፤ ደጅ ጠባቂውን የሚጫወት ግን በልመና ይፈለጋል።

ስለዚህ ስለ ሁለተኛው ሰው ክብር ጥቂት መናገር ወደድሁ። አስቀድሞ ግን ነገሩን መለየት ያስፈልጋል። ሁለተኛነት ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው ከሥራው ጠባይ የሚመጣ ነው፤ ሁሉም አውጪ ቢሆን ተቀባይ አይኖርምና፣ አንዱ ከፊት ሌላው ከኋላ መቆሙ የግድ ነው። ሌላው ከሰው ንቀት የሚመጣ ነው፤ ይኸውም አንድን ሰው በቀለሙ፣ በዘሩ፣ በእጅ ሥራው፣ ወይም ሴት በመሆኗ «ቦታሽ ከኋላ ነው» ብሎ ማስቀመጥ ነው። የፊተኛውን በደስታ መቀበል ትሕትና ነው፤ የኋለኛውን በደስታ መቀበል ግን ራስን ማዋረድ ነው። ችግሩ ሁለቱ ብዙ ጊዜ እንደ ስንዴና እንክርዳድ ተቀላቅለው መምጣታቸው ነው። ይህንን ለማስረዳት የአንዲት አሜሪካዊት የፊልም ተዋናይ ታሪክ ጥሩ ምሳሌ ሆኖ አገኘሁት። የአሜሪካውን ታሪክ ዘመን የምጠቅሰው እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው።

ሃቲ ማክዳንኤል በ1893 ዓ.ም. በካንሳስ ግዛት ዊቺታ በምትባል ከተማ ተወለደች። አባቷም እናቷም በባርነት ኖረው ነጻ የወጡ ሰዎች ነበሩ፤ አባቷ ባርነትን ባስቀረው በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ወታደር ሆኖ ተዋግቷል። ለወላጆቿ 13ኛዋና የመጨረሻዋ ልጅ ስትሆን፣ ያደገችው በዴንቨር ከተማ በድህነት ነው። ከልጅነቷ ጀምራ ዘፈንና ጨዋታ ትወድ ስለ ነበር ከወንድሞቿ ጋር በመድረክ ትጫወት ጀመር። በ1929 ዓ.ም. በአሜሪካ ታላቁ የገንዘብ ውድቀት ሲደርስ የመድረክ ሥራዋ ቆመና፣ በሚልዋኪ አጠገብ በነበረ አንድ የምሽት ቤት የሴቶች መታጠቢያ ክፍል አገልጋይ ሆና ተቀጠረች። በዚያ ቤት መድረክ ላይ ይወጡ የነበሩት ነጮች ብቻ ነበሩ። በኋላ ግን አጋጣሚ ተገኝቶ እንድትዘፍን ቢፈቀድላት፣ ሰው ሁሉ ስለ ወደዳት ከመታጠቢያ ክፍሉ ወጥታ የመድረኩ ዘፋኝ ሆነች።

በ1931 ዓ.ም. ወደ ሎስ አንጀለስ ሄደች። ያን ጊዜ በፊልም ውስጥ ለጥቁር ሴት የሚሰጣት ቦታ የታወቀ ነበር፤ ገረድ፣ ሞግዚት ወይም ወጥ ቤት መሆን ነው። የፊልም ሥራ ሲጠፋም በእውነተኛው ኑሮ የሰው ቤት ሠራተኛ ትሆን ነበር። ከ300 በሚበልጡ ፊልሞች ውስጥ እንደ ታየች ይነገራል፤ ስሟ የተጻፈው ግን በ80 ያህሉ ብቻ ነው። በቀሩት ውስጥ በር ከፍታ፣ ምግብ አቅርባ፣ አንድ ቃል ተናግራ ትወጣለች፤ ተመልካቹም ማን እንደ ሆነች ሳያውቅ ወደ ቤቱ ይሄዳል። አንባቢ ሆይ፤ ይህን ያህል ጊዜ ሥራዋን ሠርታ ስሟን ያልሰማች ሰው፣ ነገ ደግሞ ተነሥታ ያንኑ ሥራ በሙሉ ልቧ ለመሥራት ምን ዓይነት ጽናት ያስፈልጋት እንደ ነበር አስብ።

በ1939 ዓ.ም. የወጣውና ዝናዋን ያስጠራው ፊልም ከማርጋሬት ሚቸል መጽሐፍ የተሠራ ነው። ይህን መጽሐፍ የእኛም አገር አንባቢ ያውቀዋል፤ ነቢይ መኮንን በደርግ ዘመን ታስሮ ሳለ በሲጋራ ፓኮ ወረቀት ላይ እየጻፈ ተርጉሞት፣ በኋላ «ነገም ሌላ ቀን ነው» ተብሎ ታትሟል። ሃቲ የተጫወተችው ማሚ የምትባለውን ሞግዚት ሆና ነው። በፊልሙ መጨረሻ ገደማ የባለታሪኮቹ ሕፃን ልጅ ከሞተች በኋላ፣ ማሚ ከአንዲት እንግዳ ጋር የቤቱን ደረጃ እየወጣች በቤቱ ውስጥ የደረሰውን ኀዘን እያለቀሰች ትነግራታለች። በዚያች ሰዓት ዋናዎቹ ተዋንያን በዓይን አይታዩም። የአባትየውን እብደትና የእናትየውን ቁጣ ተመልካቹ የሚያውቀው በዚህች በአንዲት አገልጋይ ፊትና ድምፅ ብቻ ነው። ተቀባይ ማለት እንዲህ ነው። የራሱን ታሪክ ሳይሆን የሌላውን ኀዘን ተሸክሞ ወደ ሰው ልብ ያደርሳል።

ፊልሙ በታኅሣሥ ወር 1939 ዓ.ም. በአትላንታ ከተማ ሲመረቅ፣ ከተማው በደስታ ተሞልቶ ሳለ፣ እርሷ ግን በጆርጂያ ግዛት የዘር መለያየት ሕግ ምክንያት በምረቃው ላይ አልተገኘችም። በየካቲት 29 ቀን 1940 ዓ.ም. ደግሞ በሎስ አንጀለስ የኦስካር ሽልማት ተሰጠ፤ ያ ዘመን በእኛ 1932 ዓ.ም. ነው፣ አገራችንም ገና በኢጣልያ ወራሪ እጅ ነበረች። ሃቲ በረዳት ተዋናይነት ተሸለመች፤ ይህን ሽልማት በመቀበል ከጥቁር ሰው ወገን የመጀመሪያዋ ሆነች። ግብዣው የተደረገበት ሆቴል ጥቁር ሰው የማያስገባ ስለ ነበር፣ እንድትገባ ልዩ ፈቃድ መለመን አስፈልጓል። ከገባችም በኋላ ከፊልሙ ባልደረቦቿ ጋር ሳይሆን በአዳራሹ ዳር ግድግዳ አጠገብ በተዘጋጀላት ትንሽ ጠረጴዛ ተቀመጠች። ከዚያች ጠረጴዛ ተነሥታ ሽልማቷን ተቀብላ፣ አመስግና፣ ወደዚያችው ጠረጴዛ ተመለሰች። በአንድ ሌሊት ሁለቱን ዓይነት ሁለተኛነት አንድ ላይ አየች ማለት ነው። ረዳት ተዋናይ መባሏ የሥራዋ ስም ነበረ፤ ክብርም አገኘችበት። ዳር መቀመጧ ግን የሰዎች ንቀት ነበረ። ከእርሷ በኋላ ሌላ ጥቁር ተዋናይት፣ ውፒ ጎልድበርግ፣ ይህንኑ ሽልማት ለመቀበል 51 ዓመት ፈጀ።

የሚያሳዝነው ነገር ነቀፋው ከነጮች ብቻ አለመምጣቱ ነው። የጥቁሮችን መብት ለማስጠበቅ የቆመው ማኅበር መሪ ዋልተር ኋይትና ሌሎችም፣ ጥቁር ተዋንያን የገረድና የአሽከር ቦታ ተቀብለው መጫወታቸው ወገናቸውን ያሳንሳል እያሉ ይወቅሱ ነበር። እርሷም ገረድን ተጫውታ በሳምንት 700 ዶላር ከማግኘት ይልቅ በእውነት ገረድ ሆና 7 ዶላር ማግኘት ይሻላታል ወይ የሚል መልስ ሰጥታለች ይባላል።

እንግዲህ ማን ልክ ነበረ? እኔ ይህን ነገር ደጋግሜ አስቤበታለሁ። ወቃሾቿ እውነት ነበራቸው። ያ ፊልም ባርነትን እንደ ቤተ ሰብ ፍቅር አስመስሎ ያሳያል፤ ባሪያው በጌታው ቤት ደስ ብሎት እንደሚኖር አድርጎ ይናገራል። ይህ ሐሰት ነው። ሐሰትም በጥሩ ተዋናይ ሲነገር የበለጠ ይታመናል እንጂ እውነት አይሆንም። የባሪያ ልጅ የሆነች ሴት ይህን ሐሰት በሚያምር ድምፅዋ ማጀቧ ልብን ያቆስላል። እርሷም ግን እውነት ነበራት። በር በተዘጋበት ዘመን በጓሮ የገባችው ሌላ መግቢያ ስላልነበረ ነው። ገብታም ደራሲው ጥላ አድርጎ የጻፋትን ገረድ ሥጋና ነፍስ ሰጥታ፣ እመቤቲቱን የምትገሥጽ፣ የቤቱን ምስጢር የምታውቅ፣ ማንም የማያታልላት ሰው አደረገቻት። ስለዚህ አንዱን ወገን ሙሉ በሙሉ ጥፋተኛ ብዬ ለመፍረድ አልችልም። የሚበጀን ግን ከዚህ ቀጥሎ ያደረገችውን መመልከት ነው፤ ሰው በመድረክ ላይ የሚሸከመውን ቦታ ከመድረክ ውጪ ከሚሸከመው ጋር እንደማያስተካክል የሚታወቀው በዚህ ነውና።

ሃቲ በፊልም ውስጥ ለእመቤቷ «እሺ» ትበል እንጂ፣ በገዛ ኑሮዋ ግን ለንቀት እሺ አላለችም። በ1942 ዓ.ም. በሎስ አንጀለስ ሹገር ሂል በሚባለው ሠፈር ቤት ገዛች። በዚያ ሠፈር ቤት ለጥቁር ሰው እንዳይሸጥ የሚከለክል የቆየ ውል ነበረና፣ አንዳንድ ነጮች ጎረቤቶች እርሷንና ሌሎቹን ጥቁሮች ከቤታቸው ለማስወጣት ከሰሱ። እርሷም ጎረቤቶቿን በቤቷ እየሰበሰበች፣ ጠበቃ ይዘው በአንድነት እንዲከራከሩ አደረገች። በ1945 ዓ.ም. ዳኛው ጥቁሮች የሕገ መንግሥቱ ሙሉ መብት ይገባቸዋል ብሎ ክሱን ጣለው። ከሦስት ዓመት በኋላ በ1948 ዓ.ም. የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በሌላ ጉዳይ ላይ፣ እንዲህ ያለውን ውል የአገሪቱ ፍርድ ቤቶች ማስፈጸም አይችሉም ሲል ወሰነ። በ1947 ዓ.ም. ደግሞ በራዲዮ ቡላ የምትባል የቤት ሠራተኛን በዋናነት እንድትጫወት ስትጠየቅ፣ ጥቁርን ለማላገጥ በተለመደው የተሰባበረ አነጋገር አልናገርም ብላ ተዋዋለች። እንደ ገና ገረድ ሆና ተጫወተች፤ ነገር ግን መሳለቂያ አልሆነችም።

በጥቅምት ወር 1952 ዓ.ም. በካንሰር በሽታ ሞተች። በሆሊውድ መካነ መቃብር እንድትቀበር ብትናዘዝም፣ በቀለሟ ምክንያት ተከለከለችና በሌላ ቦታ ተቀበረች። በዚያ በከለከላት መካነ መቃብር የመታሰቢያ ሐውልት የቆመላት ገና በ1999 ዓ.ም. ነው። በ2006 ዓ.ም. ምስሏ በአሜሪካ ፖስታ ቴምብር ላይ ወጣ። ሽልማቷን ለሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ አውርሳ ነበር፤ እዚያ ሳለ ጠፋ፤ በ2023 ዓ.ም. ምትኩ ተሰጠ። የተቀባይ ክብር ብዙ ጊዜ እንዲህ ዘግይቶ ይመጣል፤ ባለቤቱ ካለፈ በኋላ።

አሁን ደግሞ ወደ ራሳችን እንመለስ። የሌላውን አገር ግፍ ሰምቶ ማዘን ቀላል ነው፤ የራስን ደጅ መመርመር ግን ከባድ ነው። በአገራችን ቴአትር ሲጀመር የሴትን ቦታ ይጫወቱ የነበሩት ቀሚስ የለበሱና ሻሽ ያሰሩ ወንዶች ነበሩ። ሴት በመድረክ ላይ መቆሟ እንደ ነውር ይቆጠር ስለ ነበር፣ ሴት በሌለበት የሴት ታሪክ ይነገር ነበር። ይህን ልማድ ከሰበሩት መካከል ስሟ ቀድሞ የሚጠራው አስናቀች ወርቁ ናት፤ ብዙዎች በኢትዮጵያ መድረክ የተጫወተች የመጀመሪያዋ ሴት ተዋናይ ይሏታል። በ1948 ዓ.ም. በተከፈተው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በሚባለው፣ ክራሯን እየመታች ዘፈነች፤ ተወነች። በ2004 ዓ.ም. መጀመሪያ ላይ ስታርፍ አገር ሁሉ አለቀሰላት፤ ክራሯንም ቀደም ብሎ የውጭ አገር ሰዎች በሸክላ ሰምተው አድንቀዋል። ነገር ግን እርሷና የዘመኗ ሴቶች መድረክ ላይ በወጡበት ጊዜ፣ ያ እጁ እስኪቃጠል ያጨበጨበላቸው ሕዝብ ወደ ቤቱ ሲገባ ልጁን «አዝማሪ ልትሆኚ ነው ወይ» ብሎ ይቆጣ ነበር።

ይህ ነገር ለእኛ ለወሎ ሰዎች ይበልጥ ሊከብደን ይገባል። ክራር ሲቃኝ ባቲ ተብሎ የሚጠራ ቅኝት አለ፤ ባቲም የእኛው ጎረቤት፣ በሰኞ ገበያዋ የታወቀችው ከተማ ናት። አምባሰል የሚባለውም ቅኝት የወሎ አገር ስም ነው። አገራችን ለቅኝቱ ስሟን ሰጥታ ሳለ፣ ቅኝቱን የሚጫወተውን ሰው አዝማሪ ብለን እንደ ስድብ መጥራታችን እንዴት ያለ ነገር ነው? ማሩን ልሶ ንቡን መርገም ይሉታል ይህንን።

ነገሩ በአዝማሪም አያበቃም። የምንለብሰውን የሚሸምነው፣ የምናርስበትን ማረሻ የሚቀጠቅጠው፣ የምንጋግርበትን ምጣድ የምትሠራው ስንት ዘመን ተንቀው ኖሩ! ዳግማዊ አፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ባለ እጆችን በሥራቸው ምክንያት መስደብ የሚከለክል አዋጅ አውጥተዋል። አዋጁ ከወጣ ከመቶ ዓመት በላይ ሆነው፤ ነገር ግን ዛሬም የሸክላ ሠሪን ልጅ ለጋብቻ ሲጠይቁ ፊቱን የሚያጠቁር ቤተ ሰብ አይታጣም። አዋጅ አፍን ሊዘጋ ይችላል፤ ልብን የሚለውጠው ግን ትምህርትና ምሳሌ ነው። ሃቲን ዳር ያስቀመጡትን ሰዎች ስንነቅፍ፣ እኛም በሰርጋችን ድንኳን ዳር የምናስቀምጠው ሰው እንዳለ አንርሳ።

እንግዲህ ለናንተ ለወጣቶች ከዚህ ታሪክ ሦስት ነገር ለይቼ ልስጣችሁ።

አንደኛ፤ የተሰጣችሁ ቦታ ትንሽ ሲሆን በሙሉ ልባችሁ ሥሩት። ትንሽ ቦታ በትንሽ ልብ ሲሠራ ትንሽ ሆኖ ይቀራል፤ በሙሉ ልብ ሲሠራ ግን ዋናው ያለ እርሱ እንደማይቆም ይታወቃል። በሩን የምትከፍት ገረድ ሆናችሁ ብትወጡ፣ የሰው ቤት በር እንዴት እንደሚከፈት፣ እንግዳ እንዴት እንደሚታይ፣ የደከመች ሴት እንዴት እንደምትቆም አጥኑና ክፈቱት።

ሁለተኛ፤ ሥራችሁንና ዋጋችሁን አታደባልቁ። ከኋላ እንድትቆሙ የሚያዝዛችሁ ሥራው ነው ወይስ የሰው ንቀት ነው ብላችሁ ጠይቁ። መለያውም ቀላል ነው፤ ሥራው ሲያልቅ ከሁሉ ጋር በአንድ ማዕድ የምትቀመጡ ከሆነ ከኋላ ያቆማችሁ ሥራው ነው፤ ሥራው አልቆም ዳር የምትቀመጡ ከሆነ ንቀት ነው። ንቀት ሲሆን ዝም አትበሉ፤ ብቻችሁንም አትጩኹ፤ ሃቲ ጎረቤቶቿን እንደ ሰበሰበች፣ እናንተም ተሰብስባችሁ በሕግና በአንድነት ተከራከሩ። የገዛ ወገናችሁን የሚያዋርድ ሐሰት እንድትናገሩ ቢሰጣችሁም፣ ቢያንስ ምን እንደማትናገሩ አስቀድማችሁ ተዋዋሉ።

ሦስተኛ፤ እናንተ ከፊት የቆማችሁ ቀን ተቀባዮቻችሁን በስም ጥሩ። ተመልካች ስትሆኑም ፊልሙ አልቆ ስሞች ሲጻፉ ጥቂት ታገሡና አንብቡ። ቴአትሩን አይታችሁ ስትመለሱ ንጉሡን የተጫወተውን ስታመሰግኑ፣ ደጅ ጠባቂውንም ማን እንደ ነበር ጠይቁ። ይህ ገንዘብ አያስከፍልም፤ ጊዜም ብዙ አይወስድም። ለዚያ ስሙ ላልተጠራ ሰው ግን የአንድ ዓመት ስንቅ ሊሆነው ይችላል። ክብር ሰው ካለፈ በኋላ በቴምብርና በሐውልት ከሚሰጥ፣ በሕይወት ሳለ በስሙ ቢጠራ ይሻላል።